አጭር ዕድሜ፥ ረጅም ስም፤ የቡዲ ሆሊና የጓደኞቹ ታሪክ

የሰው ዕድሜ የሚለካው በኖረበት ዓመት ብዛት ብቻ እንዳልሆነ ብዙ ታሪኮች ያስረዱናል። ሰማንያ ዓመት ኖሮ ስሙ ከመንደሩ ሳይወጣ የሚያልፍ አለ፤ ሃያ ሁለት ዓመት ብቻ ኖሮ ደግሞ ስሙ ባሕር ተሻግሮ የሚቀር አለ። ዛሬ ታሪኩን ለአንባቢዎቻችን በአጭሩ ልንተርክላቸው ያሰብነው አሜሪካዊው ዘፋኝ ቡዲ ሆሊ ከነዚህ ከኋለኞቹ አንዱ ነው። ይህ ወጣት ከጓደኞቹ ጋራ ያቋቋመው «ክሪኬትስ» የተባለው የሙዚቃ ጓድ፥ እሱን ይዞ በዓለም ፊት የታየው ከሁለት ዓመት ላነሰ ጊዜ ነበረ። ነገር ግን ታሪኩን ስንመረምረው የዘፈን ታሪክ ብቻ ሆኖ አላገኘነውም። አንድ ወጣት በገዛ እጁ የሠራውን ሥራ የራሱ ለማድረግ ከውልና ከገንዘብ ጋራ ያደረገው ትግልም አለበት። በዚህ ጽሑፍ የምንጠቅሳቸው ወሮችና ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናስታውሳለን።

የጥጥ አገር ልጅ

ቡዲ ሆሊ የተወለደው በቴክሳስ ክፍለ ግዛት፥ በላቦክ ከተማ፥ ሴፕቴምበር 7 ቀን 1936 ነው። ላቦክ ጥጥ የሚመረትባት፥ ነፋስና አቧራ የማይለያት የሜዳ ከተማ ናት። ወላጆቹ ያወጡለት ስም ቻርልስ ሃርዲን ሲሆን ከአራት ልጆች የመጨረሻው ስለ ነበረ ቤተ ሰቡ በቍልምጫ ቡዲ እያሉ ይጠሩት ጀመር፤ ቡዲ ማለት በአገራቸው አነጋገር ጓዴ፥ ባልንጀራዬ እንደ ማለት ነው። አባቱ በአናጢነትም በልብስ ስፌትም፥ ሥራ በተገኘበት ሁሉ እየሠሩ ቤታቸውን የሚያስተዳድሩ ሰው ነበሩ። ቤቱ ሀብት ባይኖረውም ዘፈን አላጣም፤ እናቱ ይዘፍኑ፥ ወንድሞቹም ሙዚቃ ይመቱ ነበር።

ስለ ልጅነቱ ከሚነገሩት ነገሮች አንዱ አንባቢን ፈገግ የሚያሰኝ ነው። የአምስት ዓመት ልጅ ሳለ ወንድሞቹ ለአንድ የችሎታ ውድድር ሲቀርቡ እሱንም ቫዮሊን አስይዘው ይዘውት ወጡ። ልጁ ግን ቫዮሊን መምታት አያውቅም፤ ስለዚህ ታላቅ ወንድሙ ድምፅ አውጥቶ ዘፈኑን እንዳያበላሽባቸው የቫዮሊኑን መምቻ ስብ ቀባበት። ሕፃኑ ያለ ድምፅ ሲመታ፥ ታላላቆቹ ሲዘፍኑ፥ ሽልማቱን አገኙ። ኋላ ድምፁ በዓለም የሚሰማው ልጅ ሥራውን የጀመረው እንግዲህ ድምፅ በሌለው ሙዚቃ ነው ማለት ይቻላል።

ካደገ በኋላ ፒያኖ ጥቂት ተማረ፤ ነገር ግን ልቡ ወደ ጊታር አደላ፤ ወላጆቹም አንድ ያገለገለ ጊታር ገዙለት፤ የጣት አጣጣሉን ያስተማረው ወንድሙ ነው። ከትምህርት ቤት ጓደኛው ከቦብ ሞንትጎመሪ ጋራ ሆኖ ከ1953 ጀምሮ በከተማው የራዲዮ ጣቢያ እሑድ እሑድ ይዘፍን ነበር። ሥራ ሲፈታም ከታላቅ ወንድሙ ጋራ የወለልና የግድግዳ ሸክላ እያነጠፈ የኪሱን ገንዘብ ያገኝ ነበር።

በዚያ ዘመን በላቦክ ነጭና ጥቍር በአንድ ትምህርት ቤት አይማሩም፥ በአንድ አዳራሽም አይቀመጡም። የራዲዮን ድምፅ ግን ማንም አጥር ሊያበጅለት አልቻለም። ቡዲና ጓደኞቹ ሌሊት መኪና ውስጥ ተቀምጠው፥ ከሉዊዚያና ከሽሪቭፖርት ከተማ የሚተላለፈውን የጥቍሮች ዘፈን ያዳምጡ ነበር። በቀን የሚሰሙት የነጩ ባላገር ዘፈንና በሌሊት የሚሰሙት የጥቍሮቹ ምት በጆሯቸው ተገናኙ። እነሆ፥ ሮካቢሊ የተባለው የዘፈን ዓይነት የተወለደው በዚህ መልክ ነው፤ ስሙም ከ«ሮክ»ና ባላገሩን ሰው በንቀት ከሚጠሩበት «ሂልቢሊ» ከተባለው ቃል የተዳቀለ ነው። በ1955 ኤልቪስ ፕሪስሊ ወደ ላቦክ መጥቶ ሲዘፍን ቡዲ በዓይኑ አየው፤ በዚያው ዓመትም ከሱ አስቀድሞ መድረክ ላይ ወጥቶ ለመዝፈን በቃ። ከዚያ በኋላ ሌላ ሥራ የሚያስብ ልብ አልነበረውም።

የመጀመሪያው ውል

በ1955 ጥቅምት ግድም ከናሽቪል የመጣ አንድ ሰው ቡዲን በመድረክ ላይ አይቶ ስለ ወደደው ዴካ ለተባለው ትልቅ የሸክላ ኩባንያ አስታወቀ። ውሉም በ1956 መጀመሪያ ተጻፈ። ጸሐፊው የቤተ ሰቡን ስም ሲጽፍ ከእንግሊዝኛው አጻጻፍ አንዲት ፊደል ገደፈ፤ ወጣቱም ስሙን አስተካክሉልኝ ብሎ አልተሟገተም፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ በሸክላም በጋዜጣም የሚጠራው በተገደፈው ስም ሆነ። ስለዚች ፊደል ወደ መጨረሻው እንመለሳለን።

በናሽቪል በ1956 ሦስት ጊዜ ድምፁን ቀረጹለት። ነገር ግን በዚያ የሚያዙት ሰዎች ዘፈኑ እንዴት እንደሚመታና ማን እንደሚመታው ራሳቸው ስለሚወስኑ ወጣቱ እንደ ልቡ ሊሠራ አልቻለም። የወጡት ሁለት ሸክላዎች ገበያ አላገኙም። በሐምሌ ወር ካስቀረጻቸው ዘፈኖች አንዱ «ዛትል ቢ ዘ ዴይ» የተባለው ነበረ፤ ይህም በአገሩ አነጋገር እንዲህ ያለው ነገር ከቶ አይሆንም ብሎ መሸርደድ ነው። ቡዲና ከበሮ መቺው ጄሪ አሊሰን ቃሉን ያገኙት ጆን ዌን በ1956 ከሠራው «ዘ ሰርቸርስ» ከተባለው ፊልም ነው። ኩባንያው ግን ዘፈኑን ሳያወጣው አስቀመጠው፤ በጃንዋሪ 1957ም ውሉ እንደማይታደስ አስታወቀ።

ከዚህ የከፋው ነገር በውሉ ውስጥ የነበረው አንቀጽ ነው። ለዴካ የቀረጸውን ዘፈን፥ ሸክላው ባይወጣም እንኳ፥ ለአምስት ዓመት ያህል ለሌላ ኩባንያ እንዳይቀርጽ ይከለክለዋል። ቡዲ በስልክ ጠይቆ ቢለምን ፈቃድ አላገኘም። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም እንዲሉ፥ የገዛ ዘፈኑ በወረቀት ታስሮ ቀረ።

የክሪኬትስ መቋቋም

ቡዲ ግን ተስፋ የሚቈርጥ አልነበረም። ከላቦክ 160 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በምትገኘው በኒው ሜክሲኮ ክፍለ ግዛት በክሎቪስ ከተማ ሚስተር ኖርማን ፔቲ የተባሉ ሙዚቀኛ የራሳቸው የድምፅ መቅረጫ ቤት ነበራቸው። በሌላ ቦታ የሚከፈለው በሰዓት ሲሆን እሳቸው የሚያስከፍሉት በዘፈን ስለ ሆነ ድኻው ሙዚቀኛ ሰዓት ሳያይ፥ እስኪጥመው ድረስ እየደጋገመ ሊሠራ ይችል ነበር። በፌብሩዋሪ 25 ቀን 1957 ቡዲና ጓደኞቹ ያንኑ የታሰረውን ዘፈን እንደገና ቀረጹት።

ይሁንና በቡዲ ስም ቢወጣ ክስ ይመጣል። ስለዚህ ለጓዱ ስም አስፈለገ፤ መጽሐፍ ገልጠው የነፍሳትን ስም ሲፈልጉ ጥንዚዛ የሚለውን አይተው ተዉት፤ በመጨረሻም ሌሊት ሌሊት ሲጢጥ የምትለውን፥ ፌንጣ የምትመስለውን ነፍሳት መረጡ፤ «ክሪኬትስ» ማለት ይህ ነው። የጓዱ አባሎች ጊታር የሚመታውና የሚዘፍነው ቡዲ፥ ከበሮ መቺው ጄሪ አሊሰን፥ ትልቁን ቤዝ የሚመታው ጆ ሞልዲንና ሁለተኛው ጊታር መቺ ኒኪ ሰሊቫን ነበሩ።

ሚስተር ፔቲ የተቀረጸውን ወደ ኒው ዮርክ ወስደው ለገበያ ሲያቀርቡ፥ የተቀበለው ኩባንያ ብራንስዊክ ሆነ። ብራንስዊክ ደግሞ የዴካ ቅርንጫፍ ነው። ዋናው ቤት በፊት በር ያባረረውን ዘፈን፥ ቅርንጫፉ በጓሮ በር አስገባው ማለት ነው! ሸክላው በሜይ 1957 ወጣ፤ በሴፕቴምበር በአሜሪካ የሽያጭ ሰንጠረዥ አንደኛ ሆነ፤ በኖቬምበር ደግሞ በእንግሊዝ አገር ሦስት ሳምንት በአንደኝነት ቈየ። ከአንድ ሚሊዮን በላይም ተሸጠ።

ስለ አሠራራቸው ጥቂት ብንገልጽ ለአንባቢ የሚጠቅም ይመስለናል። እነዚህ ልጆች ድምፅ ፍለጋ የማይሞክሩት ነገር አልነበረም። «ኤቭሪዴይ» በተባለው ዘፈን አሊሰን ከበሮውን ትቶ የገዛ ጕልበቱን በመዳፉ እየመታ ምቱን ሰጠ፤ «ኖት ፌድ አዌይ» በተባለው ደግሞ የመታው የካርቶን ሣጥን ነው። በአንዱ ዘፈን መጨረሻ ላይ እውነተኛዋ ክሪኬት ገብታ ስትጮኽ አብራ ተቀርጻለች። «ፔጊ ሱ» ሲቀረጽ የከበሮው ድምፅ የዘፈኑን እንዳይውጠው አሊሰንን ከክፍሉ አስወጥተው በደጁ አዳራሽ አስቀመጡት። የዘፈኑም ስም በመጀመሪያ ሌላ ነበረ፤ አሊሰን ግን የወዳጁ ስም እንዲገባበት ስለ ለመነ ፔጊ ሱ ተባለ። ይህ ዘፈን በቡዲ ስም ብቻ፥ ኮራል በተባለው በሌላው የዴካ ቅርንጫፍ ወጥቶ በአሜሪካ ሦስተኛ ደረጃ ላይ ደረሰ። የራሱን ዘፈን ራሱ የሚደርስ፥ ራሱ የሚዘፍን፥ ራሱ ጊታር የሚመታ፥ በመቅረጫው ክፍልም ራሱ የሚያዝ ወጣት በዚያ ጊዜ ብዙ አልተለመደም ነበር።

ዝናና ጕዞ

በኦገስት 1957 ክሪኬትስ በዋሽንግተን፥ በባልቲሞርና በኒው ዮርክ የጥቍሮች ቴአትር ቤቶች እንዲዘፍኑ ከጥቍር ሙዚቀኞች ጋራ በአንድነት ተቀጠሩ። በኒው ዮርክ ስመ ጥር በሆነው በአፖሎ ቴአትር መጋረጃው ሲገለጥ ተመልካቹ አራት የቴክሳስ ነጭ ልጆች ቆመው አየ። ሌሊት በመኪና ውስጥ ተደብቀው ያዳምጡት የነበረውን ምት ለባለቤቶቹ መልሰው ሊያሰሙ ነው የቆሙት።

በዲሴምበር 1 ቀን በአሜሪካ እጅግ ይታይ በነበረው በኤድ ሰሊቫን የቴሌቪዥን ዝግጅት ቀረቡ። በዚያው ወር ኒኪ ሰሊቫን የማያቋርጠው ጕዞ ስለ ሰለቸው ተሰናበተ፤ የቀሩት ሦስቱ በ1958 መጀመሪያ ወደ አውስትራሊያ፥ በማርች ወር ደግሞ ወደ እንግሊዝ አገር ሄዱ። በእንግሊዝ 25 ቀን ከከተማ ወደ ከተማ እየዞሩ ዘፈኑ።

ይህ የ25 ቀን ጕዞ ያስከተለውን ነገር በዚያ ጊዜ የገመተ አልነበረም። መነጽሩን ሳያወልቅ፥ መልኩን ሳያሳምር፥ ጊታሩን ብቻ ይዞ የሚዘፍነውን ይህን ቀጭን ወጣት የሊቨርፑል ልጆች ጆን ሌነንና ፖል ማካርትኒ በቴሌቪዥን አዩት፤ ሚክ ጃገር ደግሞ በለንደን ቴአትር ተገኝቶ አየው። በዚያው በ1958 ሌነን፥ ማካርትኒና ጓደኞቻቸው ከኪሳቸው ከፍለው ለመጀመሪያ ጊዜ ሸክላ ሲያስቀርጹ የመረጡት «ዛትል ቢ ዘ ዴይ»ን ነበር። ለጓዳቸውም ኋላ ስም ሲያወጡ ክሪኬትስን አስበው የነፍሳት ስም ፈለጉ፤ የቴክሳሶቹ ልጆች አይተው የተዉት ጥንዚዛ፥ አጻጻፉ ጥቂት ተለውጦ፥ ቢትልስ ሆነ። የጃገር ጓድ ሮሊንግ ስቶንስም በ1964 በአገሩ ከፍ ያለ ስም ያገኘው የካርቶኑን ሣጥን ዘፈን «ኖት ፌድ አዌይ»ን እንደገና ዘፍኖ ነው።

ጋብቻና መለያየት

በጁን 1958 ቡዲ ለሥራ ወደ ኒው ዮርክ ሄዶ ሳለ፥ በአንድ የሙዚቃ አሳታሚ ቢሮ እንግዳ የምትቀበል ማሪያ ኤሌና ሳንቲያጎ የተባለች የፖርቶ ሪኮ ተወላጅ ወይዘሪት አየ። አብረው እራት በበሉበት በመጀመሪያው ማታ እንድታገባው ጠየቃት። ሁለት ወር ሳይሞላም ኦገስት 15 ቀን በላቦክ በወላጆቹ ቤት ተጋቡ።

ከጋብቻው በኋላ የገንዘቡ ነገር ተነሣ። ሚስተር ፔቲ የጓዱ ሥራ አስኪያጅ ስለ ሆኑ ከሸክላው ሽያጭ የሚገኘው ገንዘብ የሚገባው በእሳቸው እጅ ነበር፤ ልጆቹ በደረሷቸው ብዙ ዘፈኖችም ላይ ስማቸው በደራሲነት ታክሏል። የዚያ ዘመን ልማድ እንዲህ ነበረ፤ የክሎቪሱ መቅረጫ ቤት ባይኖር ኖሮም ክሪኬትስ ባልታወቁ ነበር። ይሁን እንጂ ሚሊዮን ሸክላ የተሸጠለት ወጣት ለትዳሩ የሚሆነውን ገንዘብ ከሌላ ሰው እጅ መጠበቁ አሳሰበው። በ1958 መጸው ላይ ከሚስተር ፔቲ ለመለየት ቈረጠ፤ ጓደኞቹም ተከትለውት ወደ ኒው ዮርክ የሚመጡ መስሎት ነበር። አሊሰንና ሞልዲን ግን አገራቸውን ትተው ወደዚያ ትልቅ ከተማ መሄዱን ፈርተው በቴክሳስ ቀሩ። ክሪኬትስ የሚለው ስምም ከነሱ ጋራ ቀረ። ሙግት በመነሣቱ ገንዘቡ ሳይለቀቅ ተያዘ።

በኒው ዮርክ ቡዲ ሥራውን አልተወም። በኦክቶበር 21 ቀን ማታ፥ ለሮክ ዘፋኝ ባልተለመደ ሁኔታ፥ ቫዮሊኖች ከሞሉበት ኦርኬስትራ ጋራ አራት ዘፈን አስቀረጸ፤ ከነዚህም አንዱ ፖል አንካ የደረሰለት «ኢት ዳዝንት ማተር ኤኒሞር» ነው። ማታ ማታም በግሪንዊች ቪሌጅ በተከራየው ቤት ተቀምጦ አዳዲስ ዘፈኖችን በጊታር ብቻ በቴፕ ይቀርጽ ነበር። ዘፈን ሞልቶ ገንዘብ ግን አልነበረም። ባለቤቱም ፀነሰች። ስለዚህ በክረምት ልብ በመካከለኛው ምዕራብ አሜሪካ የሚደረገውን የዘፈን ዙረት፥ ባይወደውም፥ ተቀበለ።

የክረምቱ ጕዞ

ዙረቱ ጃንዋሪ 23 ቀን 1959 በሚልዋኪ ከተማ ተጀመረ፤ በ24 ቀን 24 ከተማ መድረስ ነበረባቸው። ቡዲ ለዚህ የያዛቸው አዲስ ሙዚቀኞች ቶሚ አልሰፕ፥ ዌይሎን ጄኒንግስና ካርል በንች ነበሩ። ከሱም ጋራ የ17 ዓመቱ ሪቺ ቫሌንስ፥ ቢግ ቦፐር የተባለው ጄ ፒ ሪቻርድሰንና ሌሎችም ተጓዙ። ከተማዎቹ በመንገድ ቅደም ተከተል ስላልተያዙ አንድ ቀን ወደ ፊት፥ አንድ ቀን ወደ ኋላ ይመላለሱ ነበር። አውቶቡሶቹ ያረጁ ስለ ሆኑ በየመንገዱ ይሰበራሉ፤ ማሞቂያቸውም አይሠራም። ከበሮ መቺው በንች በአውቶቡሱ ውስጥ እንዳለ እግሩን ውርጭ መትቶት ሆስፒታል ገባ። በጃንዋሪ 31 በዱሉት ከተማ ሲዘፍኑ ከተመልካቹ መካከል አንድ የ17 ዓመት ልጅ ቆሞ ነበር፤ ይህም በ2016 የኖቤል የሥነ ጽሑፍ ሽልማት ያገኘው ቦብ ዲላን ነው።

በፌብሩዋሪ 2 ቀን በአዮዋ ክፍለ ግዛት በክሊር ሌክ ከተማ፥ ሰርፍ በተባለው የዳንስ አዳራሽ ዘፈኑ። የሚቀጥለው ከተማ ሙርሄድ ከ500 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቅ ነበር። ቡዲ በዚያ አውቶቡስ ሌላ ሌሊት ማደር ስለ መረረው፥ ቀድሞ ደርሶ ለማረፍና ልብሱን ለማሳጠብም ስለ ፈለገ፥ ለአንድ ሰው 36 ዶላር የሚከፈልባት ትንሽ አውሮፕላን ተከራየ። ቦታው ከአብራሪው ሌላ ለሦስት ሰው ብቻ ነበር። ጄኒንግስ ጉንፋን ለያዘው ለሪቻርድሰን ቦታውን ለቀቀለት፤ አልሰፕና ቫሌንስ ደግሞ ሳንቲም ወደ ላይ ጥለው ዕጣ ተጣጣሉ፤ ዕጣው ለልጁ ለቫሌንስ ወጣ። ቡዲ ጄኒንግስን አውቶቡሱ በብርድ እንዲያደርቀው ተመኝቶ ቀለደበት፤ ጄኒንግስም በአጸፋው የአውሮፕላኑን መውደቅ ተመኝቶ ቀለደ። ይህ የወጣቶች ቀልድ ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመት ኅሊናውን ሲወቅሰው ኖሯል።

አውሮፕላኑ ከሜሰን ሲቲ የተነሣው ፌብሩዋሪ 3 ቀን 1959፥ ሰባት ሰዓት ሌሊት ሊሆን ጥቂት ሲቀረው ነው። ጥቂት ደቂቃ እንኳ በደኅና አልበረረም፤ ከአየር ማረፊያው 10 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ በበረዶ በተሸፈነ የበቈሎ እርሻ ላይ ወደቀ። ስብራቱ የተገኘው ከነጋ በኋላ ነው፤ አራቱም ሞተዋል። ቡዲ 22፥ ሪቻርድሰን 28፥ አብራሪው ሮጀር ፒተርሰን 21 ዓመታቸው ነበር። በኋላ የመንግሥት መርማሪዎች እንደ ገለጹት፥ አብራሪው መሬት በማይታይበት ሰዓት በመሣሪያ ብቻ እየተመራ ለመብረር የሚያስችል ፈቃድ አልነበረውም፤ የአውሮፕላኑን አፍንጫ ቀና ማለትና ማዘቅዘቅ የሚያመለክተው መሣሪያ እሱ ከለመደው በተቃራኒ የሚያሳይ ነበረ፤ ስለ አየሩ መክፋት የወጣው ማስጠንቀቂያም አልደረሰውም።

ወይዘሮ ማሪያ ኤሌና የባሏን ሞት የሰማችው ከቴሌቪዥን ነው። ከድንጋጤውም የተነሣ ፅንሱ ወረደባት። አሊሰንና ሞልዲን በበኩላቸው በዚያው ሰሞን ከቡዲ ጋራ ለመታረቅ አስበው በስልክ ሲፈልጉት እንደ ነበረ ይነገራል፤ የተገናኙት ግን በላቦክ፥ ፌብሩዋሪ 7 ቀን፥ የአስከሬኑን ሣጥን ሲሸከሙ ነው።

ከሞት በኋላ

የቫዮሊኖቹ ዘፈን በአፕሪል 1959 በእንግሊዝ አገር አንደኛ ሆነ፤ ዘፋኙ ግን ይህን ለማየት አልበቃም። በ1971 ዶን ማክሊን «አሜሪካን ፓይ» በተባለው ዘፈኑ ያን ሌሊት ሙዚቃ የሞተበት ቀን አድርጎ ሣለው። በ1970ዎቹ ዓመታት የቡዲን ዘፈኖች የባለቤትነት መብት የገዛው በልጅነቱ በቴሌቪዥን ያየው ያው ማካርትኒ ነው። በአደጋው ቦታ በረዶው ሲቀልጥ የተገኘው መነጽሩ ለሃያ ዓመት ያህል በአዮዋ በአንድ የአውራጃ ሸሪፍ መሥሪያ ቤት ውስጥ ተረስቶ ቈይቶ በ1980 ተገኘ፤ ዛሬ በላቦክ በስሙ በተሠራው ቤተ መዘክር ይታያል። ክሪኬትስም ያለ እሱ ሥራቸውን ቀጥለው የመጨረሻ ዝግጅታቸውን በ2016 በዚያው በክሊር ሌክ አዳራሽ አቀረቡ።

እኛ ከዚህ ታሪክ የምናገኘው ትምህርት ይህ ነው፤ ወጣቱን ወደዚያ አውቶቡስ፥ ከአውቶቡሱም ወደዚያች አውሮፕላን የወሰደው የዝና ጥማት አልነበረም። ሚሊዮን ሰው የገዛው ሥራ የራሱን ሠራተኛ ለአንድ ክረምት የሚያኖር ገንዘብ አልደረሰውምና ነው። እንግዲህ ተሰጥዎ ያለው ሰው ሥራውን እንደሚጠነቀቅለት ሁሉ የሚፈርምበትንም ወረቀት ሊጠነቀቅለት ይገባል።

ስለዚያች ስለ ተገደፈችው ፊደል ወደ መጨረሻው እንመለሳለን ብለን ነበር። በላቦክ የመቃብር ቦታ በተተከለው የድንጋይ ሰሌዳ ላይ ቤተ ሰቡ የጻፉት ስም ጸሐፊው በውሉ ላይ የጻፈው አይደለም። አባቱ ያወረሱት ስም ከነፊደሉ ተሟልቶ፥ ከጊታሩ ሥዕል ጋራ ተቀርጾ ይታያል።